ምች ያልሆነ የአፍ ቁስል፦ ፔምፊገስን መለየትና ማከም

አፍ ውስጥ የወጣ ቁስል ወር ካለፈው ምች አይደለም። ምች ከንፈር ዳር ይወጣል፣ ያቃጥላል፣ ቅርፊት ይይዛል፣ በሳምንት በዐሥር ቀን ይድናል። ጉንጭ ውስጥ፣ ድድ ላይ፣ ላንቃ ላይ እየተላጠ ወር ሁለት ወር፣ አንዳንዴም ግማሽ ዓመት የሚቆይ፣ በርበሬ ሲነካው እንባ የሚያመጣ ቁስል ሌላ ነገር ነው። ዳማ ከሴ ተሽትቶ፣ የፈንገስ መድኃኒቱ ናይስታቲን ተጉመጥምጦ፣ የሄርፒስ ቫይረስ መድኃኒቱ አሲክሎቪር ተውጦ፣ አንዳንዴም ጥርስ ተነቅሎ ያልዳነ ቁስል ሲያጋጥም መጠርጠር ያለበት ፔምፊገስ ቩልጋሪስ ነው። ከታማሚዎቹ ከግማሽ በላይ በሽታው የሚጀምራቸው ከአፍ ነው። ቆዳቸው ላይ ውኃ የቋጠረ እብጠት የሚወጣው ከሳምንታት፣ አንዳንዴም ከወራት በኋላ ነው። በከንቱ የሚባክነውም ያ ጊዜ ነው።

ይህን የምጽፈው ለታማሚውና ለቤተሰቡ ነው። በጤና ጣቢያና በግል ክሊኒክ የሚሠሩ ባልደረቦችም እንዲያነቡት በጣም እፈልጋለሁ፤ ምክንያቱም ነገሩ በአብዛኛው የሚበላሸው በሁለት ቦታ ነው። አንዱ ናሙና ሳይወሰድ ፕሬድኒሶሎን (የበሽታው ዋና መድኃኒት የሆነውን የስቴሮይድ ክኒን) መጀመር ነው። ሌላው የተጀመረውን ፕሬድኒሶሎን በድንገት ማቆም ነው።

የላይኛው ቆዳችን ሕዋሳት እርስ በርስ የተያያዙት ዴስሞግሌን በሚባሉ ፕሮቲኖች ነው። በፔምፊገስ የታመመ ሰው የገዛ መከላከያው በእነዚህ ፕሮቲኖች ላይ አንቲቦዲ ያመርታል፤ ሕዋሳቱ መያያዣቸውን አጥተው ይለያያሉ፣ በመካከላቸውም ፈሳሽ ይገባል። ዴስሞግሌን 3 በብዛት ያለው አፍ ውስጥና በላይኛው ቆዳ የታችኛው ክፍል ነው፤ ዴስሞግሌን 1 ደግሞ ወደ ቆዳው ፊት ይበዛል። ስለዚህ በ3 ላይ ብቻ አንቲቦዲ ያለው ሰው አፉ ይቆስላል፤ በሁለቱም ላይ ያለው አፉም ቆዳውም ይላጣል። በ1 ላይ ብቻ ያለው አፉ ጤነኛ ሆኖ ራስ ቅሉ፣ ፊቱ፣ ደረቱና ጀርባው ላይ የሚረግፍ ቅርፊት ያወጣል፤ ይህኛው ፔምፊገስ ፎሊያሴየስ ይባላል፣ ብዙ ጊዜም ችፌ ወይም ፎረፎር ተብሎ ይታከማል። እነዚህ አንቲቦዲዎች መኖራቸው የታወቀው እ.ኤ.አ. በ1964 በቦይትነርና በጆርደን ሥራ ነው።

ፔምፊጎይድ የተባለው ሌላው ውኃ የሚቋጥር የቆዳ በሽታ ከዚህ ይለያል። መለያየቱ የሚደርሰው የላይኛው ቆዳ ከታችኛው ጋር በሚጣበቅበት መሠረት ላይ ነው፤ የሚጠቃውም በዋናነት ኮላጅን 17 የተባለው ፕሮቲን ነው። እብጠቱን የሚሸፍነው ቆዳ ሙሉ ውፍረቱን እንደያዘ ስለሚቀር ውኃው ተወጥሮ ይቆማል፣ ቶሎ አይፈነዳም። በአብዛኛው ከ60 ዓመት በላይ የሆኑ ሰዎችን ይይዛል። ውኃ ከመቋጠሩ ከሳምንታት ወይም ከወራት በፊት እንቅልፍ የሚነሳ ማሳከክ ሊኖር ይችላል፤ አፍ የሚቆስልባቸው ጥቂቶች ናቸው። ሁለቱን በሽታዎች ለይቶ ያስቀመጠው ዋልተር ሌቨር ነው፤ ዓመቱ እ.ኤ.አ. 1953 ነበር። መለየቱ ዛሬም ለታማሚው ትልቅ ልዩነት አለው፣ የመድኃኒቱ መጠንም መንገዱም ስለማይመሳሰል።

ሁለቱም አይተላለፉም። አብሮ መብላት፣ መጎራረስ፣ ልጅ ማቀፍ፣ አንድ አልጋ ላይ መተኛት ማንንም አያስይዝም። ታማሚው ሳህኑ እየተለየ የሚኖርበት ቤት ካለ ይህ አንቀጽ ይነበብለት።

አሁን ምርመራው። በቂ ብርሃን ይኑር፣ ልብስ ይውለቅ። አፍ በባትሪ ይታይ፤ የድዱ ጠርዝ፣ የጉንጩ ውስጥ፣ ከምላስ ሥር፣ የላንቃው ጀርባ። ድምፅ ጎርንኖ ከሆነ ወይም ሲውጥ የሚያመው ከሆነ ቁስሉ ጉሮሮ ደርሷል። ብልት አካባቢ ቁስል መኖሩን ሰው ሳይጠየቅ አይናገርም፤ በአክብሮት፣ ለብቻ ጠይቁ። ራስ ቅል፣ ብብትና እምብርት ብዙ ጊዜ ይዘለላሉ። ከዚያ ከቁስሉ አጠገብ ያለውን ጤነኛ የሚመስል ቆዳ በአውራ ጣት ጫን ብላችሁ ወደ ጎን ግፉት። በፔምፊገስ የላይኛው ቆዳ እንደ ተቀቀለ ድንች ልጣጭ ይንሸራተታል። ይህን ምልክት የገለጸው ሩሲያዊው ፒዮትር ኒኮልስኪ ነው፤ የሚጠራውም በስሙ ነው። አንድ ጊዜ ማየት ይበቃል፤ የገባ የወጣው ባለሙያ ሁሉ እየደጋገመ ታማሚውን መላጥ የለበትም። ምልክቱ ታየ ማለትም ፔምፊገስ ነው ማለት ብቻ አይደለም፣ በከባድ የመድኃኒት ጠንቅም ይታያልና።

የመድኃኒት ጠንቁን በጊዜው እንለየዋለን። ኮትሪሞክሳዞል፣ ፌኒቶይን፣ ካርባማዜፒን፣ አሎፑሪኖል ወይም ኔቪራፒን ከተጀመረ ከጥቂት ቀናት እስከ ሁለት ወር ባለው ጊዜ ውስጥ ትኩሳት መጥቶ፣ ዓይን ቀልቶ፣ አፍና ቆዳ በቀናት ውስጥ ከተላጠ ስቲቨንስ ጆንሰን ሲንድሮም ነው፤ መድኃኒቱ ወዲያው ቆሞ በዚያው ሰዓት ሆስፒታል መሄድ ነው። ፔምፊገስ በሳምንታትና በወራት ነው የሚገሰግሰው። አልማዝ ባለጭራ ደግሞ በሰውነት አንድ ጎን ብቻ በመስመር ይወጣል፣ ከሽፍታው በፊት ያማል። እከክ ሌሊት ያሳክካል፣ የቤት ሰው ሁሉ ያካል። በሕፃን ላይ ውኃ የቋጠረ ነገር ሲታይ መጀመሪያ የሚታሰበው በባክቴሪያ የሚመጣው ነው።

መጀመሪያ ሊሠራ የሚችለው ርካሹ ምርመራ የዛንክ ስሚር ነው። ለወባ ደም የሚያይ ላቦራቶሪ ጊምሳ ቀለምና ማይክሮስኮፕ ስላለው ይህን መሥራት ይችላል። አዲስ እብጠት ምረጡ፤ ሽፋኑን በምላጭ ከፍታችሁ ፈሳሹን በጋዝ አድርቁ፤ ወለሉን ደም ሳይፈስ በምላጩ ጎን ፋቁ፤ የወጣውን ስላይድ ላይ በስሱ ቀቡ፤ በአየር ይድረቅ፤ በሜታኖል ይጽና፤ ከዚያ ጊምሳ። ፔምፊገስ ከሆነ ከጎረቤታቸው የተለያዩ፣ ክብ የሆኑ፣ ኒውክሊየሳቸው ትልቅ የሆነ ሕዋሳት ይታያሉ። ብዙ ኒውክሊየስ ያላቸው ግዙፍ ሕዋሳት ከታዩ ሄርፒስ ነው። ይህ ምርመራ ጥርጣሬን ያጠነክራል እንጂ ባዮፕሲን (ቆዳ ቆርጦ መመርመርን) አይተካም። የቆየ፣ መግል የያዘ ቁስል ተፍቆ ሲመጣ የሚታየው ነጭ የደም ሴልና ባክቴሪያ ብቻ ነው።

ባዮፕሲው ላይ ረዘም ብዬ እቆያለሁ፣ ብዙው ስህተት እዚህ ነውና። የሚያስፈልገው ሁለት ናሙና ነው፣ ሁለት ዕቃ፣ ሁለት የተለያየ ፈሳሽ። አንደኛው ለተለመደው ፓቶሎጂ፦ ከ24 እስከ 48 ሰዓት ያልበለጠው አዲስ እብጠት ጠርዝ፣ እብጠቱንም አጠገቡ ያለውን ያልተነካ ቆዳም አብሮ የያዘ፣ በ4 ሚሊሜትር ፓንች (ክብ የቆዳ መቁረጫ)። ትንሽ እብጠት ከተገኘ ሙሉውን ማውጣት ይሻላል። ፓንቹን ጠንክሮ ማሽከርከር ሽፋኑን ገፎ ይጥለዋል፤ ፓቶሎጂስቱ የሚደርሰው ወለሉ ብቻ ይሆናል፣ መልሱም «የቆዳ ቁስለት» ብቻ ተብሎ ይመለሳል። ቆዳውን በሁለት ጣት ወጥራችሁ በቀስታ አዙሩ፣ ወይም በ15 ቁጥር ምላጭ በሞላላ ቁረጡ። ናሙናው 10 በመቶ ፎርማሊን ውስጥ ይግባ፤ ፎርማሊኑ ከናሙናው ቢያንስ ዐሥር እጥፍ ይሁን።

ሁለተኛው ናሙና ለኢሚውኖፍሎረሰንስ ነው፤ ቆዳው ላይ የተጣበቀውን አንቲቦዲ በሚያበራ ቀለም የሚያሳይ ምርመራ ነው። ይህኛው ከእብጠቱ ላይ አይወሰድም። ከእብጠቱ ጠርዝ እስከ 1 ሴንቲሜትር ርቀት ካለው፣ ጤነኛ ከሚመስለው ቆዳ ይወሰዳል። ከቁስሉ መሐል ከተወሰደ የላይኛው ቆዳ ጠፍቷል፣ አንቲቦዲውም በብግነቱ ተበልቷል፤ በሽታው እያለ «የለም» የሚል መልስ ይመጣል። ፔምፊጎይድ ተጠርጥሮ ምርጫ ካለ ከባት ይልቅ ከክንድ ወይም ከሰውነት መሐል መውሰድ ይሻላል። አፍ ብቻ ከሆነ የታመመው ከቁስሉ አጠገብ ካለው ደህና የአፍ ቆዳ ይወሰዳል።

ይህ ናሙና ፎርማሊን ፈጽሞ አይንካው። ፎርማሊን የነካው መቆንጠጫ እንኳ ያበላሸዋል፤ ስለዚህ ይህኛው አስቀድሞ ይወሰድ፣ ከዚያ የፓቶሎጂው። የሚቀመጠው ሚሼል በሚባለው ፈሳሽ ነው፤ እዚያ ውስጥ ለቀናት ይቆያል። እሱ ከሌለ በኖርማል ሳላይን ውስጥ 24 ሰዓት ያህል ደህና ይቆያል፤ ያው ግሉኮስ የሚንጠለጠልበት ክፍል የሚገኘው 0.9 በመቶ ሳላይን ነው። ከመሐል አዲስ አበባ ለሚላክ ናሙና አንድ ቀን በቂ ጊዜ ነው፤ ዓርብ ከሰዓት የተወሰደ ግን ቅዳሜና እሑድን ቤንች ላይ ያሳልፋል። ከሰኞ እስከ ሐሙስ ጠዋት ቀጠሮ ስጡ፤ ተቀባዩ ላቦራቶሪ ምርመራውን በዚያ ሳምንት እንደሚሠራም ቀድማችሁ ደውላችሁ አረጋግጡ።

የመጠየቂያው ወረቀት ላይ «የቆዳ ናሙና» ብቻ ተጽፎ መሄድ የለበትም። ዕድሜ፣ ቁስሉ ስንት ጊዜ እንደቆየ፣ አፍ ተነክቶ እንደሆነ፣ እብጠቱ የላላ ነው ወይስ የተወጠረ፣ ናሙናው ከየትኛው ቦታ እንደተወሰደ፣ ሰውየው ምን ምን መድኃኒት እንደሚወስድ፣ ፕሬድኒሶሎን ወይም ዴክሳሜታሶን ጀምሮ ከሆነ ከመቼ ጀምሮ፣ የተጠረጠሩት በሽታዎች። ይህ ሁሉ በአምስት መስመር ያልቃል።

መልሱ ሲመጣ እንዲህ ይነበባል። በፔምፊገስ ቩልጋሪስ መሰንጠቁ ከታችኛው የሕዋስ ረድፍ በላይ ነው፤ በፍሎረሰንሱ ኢሚውኖግሎቡሊን ጂ በእያንዳንዱ ሕዋስ ዙሪያ ይበራል። በፔምፊጎይድ መሰንጠቁ ከላይኛው ቆዳ በታች ነው፤ ኢኦሲኖፊል የሚባለው የነጭ የደም ሴል ዓይነት ይበዛል፣ ብርሃኑም በመሠረቱ ላይ ቀጥ ያለ መስመር ይሠራል። በታችኛው ቆዳ ጫፎች ላይ ተበታትኖ የሚበራ ኢሚውኖግሎቡሊን ኤ ከሆነ ዴርማታይቲስ ሄርፔቲፎርሚስ ነው፤ እሱ ከግሉተን (በስንዴና በገብስ ውስጥ ካለው ፕሮቲን) ጋር የተያያዘ ነው፤ ዳፕሶን ደማቸውን ሊያፈርስባቸው የሚችሉትን የሚለየው የጂ6ፒዲ ምርመራ ከተሠራ በኋላ በዳፕሶን ይታከማል። ለዚህኛው ታማሚ ጤፍ ግሉተን ስለሌለው መልካም ዜና ነው፣ ግን ከሱቅ የሚገዛ እንጀራ ገብስ ሊቀላቀልበት ስለሚችል ንጹሕ ጤፍ ቤት ውስጥ መጋገር ይኖርበታል፤ ዳቦ፣ በሶ፣ ቂንጬና ጠላ ይቀራሉ።

ዴስሞግሌን 1 እና 3ን በደም የሚለካው ኤሊዛ ምርመራም አለ፤ ሲገኝ ምርመራውን ያግዛል፣ ሕክምናውንም ለመከታተል ይጠቅማል። ከመሐል ከተማ ለሚነሳ ሰው የቆዳ ስፔሻሊስት የሚገኝባቸው የመንግሥት ተቋማት ጥቁር አንበሳና ዘነበወርቅ አካባቢ ያለው አለርት ናቸው፤ ከጤና ጣቢያ የሪፈር ወረቀት ይዞ መሄድ ነው። ሰውነቱ በሰፊው የተላጠ፣ ትኩሳት ያለበት ወይም ውኃ መዋጥ ያቃተው ሰው ግን ቀጠሮ አይጠብቅም፣ በድንገተኛ ይግባ። የታማሚው መዳፍ ከነጣቶቹ የሰውነቱ 1 በመቶ ያህል ነው፤ ዐሥር መዳፍ የሚሆን የተላጠ ቆዳ ያለበት ሰው ቤት መዋል የለበትም።

ኮርቲዞን እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ መጀመሪያ ለሕክምና ከመድረሱ በፊት ፔምፊገስ ከያዛቸው ሰዎች አብዛኞቹ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ይሞቱ ነበር። ዛሬ ሰው የሚኖረው በፕሬድኒሶሎን ነው። ዛሬ ሰው ከሚጎዳባቸው ምክንያቶች አንዱም ራሱ ፕሬድኒሶሎን ነው፤ ስለዚህ ከመጀመሩ በፊት የሚታዩ ነገሮች አሉ። ክብደት፣ ደም ግፊት፣ የፆም ስኳር። ሙሉ የደም ቆጠራ፣ ጉበትና ኩላሊት። ኤች አይ ቪ፣ የጉበት ቫይረስ ቢ እና ሲ። የደረት ራጅ፣ የሳል፣ የላብና የክብደት መቀነስ ጥያቄ፣ ለቲቢ። ለሴት የእርግዝና ምርመራ። ዓይን።

አንድ የሚረሳ አለ፣ የሰገራ ምርመራ። ስትሮንጂሎይደስ የሚባለው ትል በባዶ እግር ከአፈር ገብቶ ያለ ምንም ምልክት ለአሥርት ዓመታት አንጀት ውስጥ ይቆያል። ስቴሮይድ ሲጀመር ተባዝቶ ወደ ሳንባና ወደ ደም ይሰራጫል፣ ይገድላልም። አንድ ጊዜ የታየ ሰገራ ብዙ ጊዜ ያመልጠዋል። ስለዚህ በገጠር ያደገ ወይም በእርሻ የሠራ ሰው ከሆነ ውጤቱ ነፃ ቢልም አይቨርሜክቲን በኪሎ 200 ማይክሮግራም መስጠት ተገቢ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ለ60 ኪሎ ሰው ባለ 3 ሚሊግራም 4 ፍሬ ይሆናል።

የፕሬድኒሶሎኑ መጠን በክብደት ይሰላል። ለቀላል ፔምፊገስ በኪሎ ከ0.5 እስከ 1 ሚሊግራም፣ ለመካከለኛና ለከባድ ከ1 እስከ 1.5 ሚሊግራም በቀን። 60 ኪሎ የሚመዝን ሰው በኪሎ 1 ሚሊግራም ሲታዘዝለት 60 ሚሊግራም ይሆናል፤ ባለ 5 ሚሊግራም ክኒን 12 ፍሬ፣ ሁሉም በአንድ ጊዜ፣ ጠዋት፣ ከቁርስ በኋላ። ዐሥራ ሁለት ክኒን ሲያይ ሰው ይደነግጣል፤ «ሐኪሙ ተሳስቶ ነው» ብሎ ሁለት ብቻ የሚውጥ አለ። ስለዚህ ቁጥሩን ማዘዣው ላይ በፊደልም ጻፉት፣ ምክንያቱንም ንገሩት። ማታ ከተወሰደ እንቅልፍ ይነሳል። በሁለት ሳምንት ውስጥ አዲስ እብጠት መውጣቱ ካላቆመ መጠኑ ከፍ ይላል ወይም ሌላ መድኃኒት ይጨመራል።

ብዙ ጊዜ ሁለተኛው መድኃኒት ከመጀመሪያው ነው የሚታከለው፣ ፕሬድኒሶሎኑን ቶሎ ለማውረድ። በብዛት የሚታዘዘው አዛታዮፕሪን ነው፤ በቀን 50 ሚሊግራም ተጀምሮ በኪሎ እስከ 2.5 ሚሊግራም ይደርሳል። ሥራው የሚታየው ከ6 እስከ 8 ሳምንት በኋላ ነውና «አልሠራልኝም» ተብሎ በወሩ አይጣል። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የደም ቆጠራና የጉበት ምርመራ በተደጋጋሚ ያስፈልጋል፣ ኋላ ላይ በየሦስት ወሩ። ለሪህ አሎፑሪኖል የሚወስድ ሰው አዛታዮፕሪን ከተጨመረበት መቅኔው ደም ማምረት ሊያቆም ይችላል፤ ይህን ሁለቱንም የሚያዝዘው ሐኪምም መድኃኒት ቤቱም ይጠይቅ። ማይኮፌኖሌት በቀን 2 ግራም ሌላው አማራጭ ነው፣ ለነፍሰ ጡርና ለማርገዝ ላሰበች ሴት ግን የተከለከለ ነው።

ሪቱክሲማብ አንቲቦዲ ወደ ማምረት የሚያድጉትን ቢ ሴሎች (የነጭ የደም ሴል ዓይነት) ያጠፋል። 1 ግራም በደም ሥር፣ ከሁለት ሳምንት በኋላ ሌላ 1 ግራም፤ ከዚያ በ12ኛውና በ18ኛው ወር 500 ሚሊግራም። የአሜሪካ የመድኃኒት ባለሥልጣን ለፔምፊገስ ቩልጋሪስ እ.ኤ.አ. በ2018 ፈቅዶታል፤ አቅሙ ካለ ቀድሞ መስጠት ፕሬድኒሶሎኑን በወራት ያሳጥረዋል። ዋጋው ለብዙ ቤተሰብ ከባድ ነው፤ ይህን ሳልደብቅ መናገር አለብኝ፣ ምክንያቱም በብድር አንዱን ግራም ወስዶ ሁለተኛውን ማጣት ገንዘቡንም ጤናውንም ያስከፍላል። ከመሰጠቱ በፊት የጉበት ቫይረስ ቢ አንቲጅን ብቻ ሳይሆን የኮር አንቲቦዲውም ይታይ፤ ተኝቶ የነበረው ቫይረስ ሊነሳ ይችላልና።

አሁን ወደ መቀነሱ። አዲስ እብጠት ቆሞ የነበረው ሲሽር በሽታው ተገታ ይባላል። ከዚያ በየሁለት ሳምንቱ ሩብ ያህሉ ይቀነሳል፦ ከ60 ወደ 45፣ ወደ 35፣ ወደ 25፣ ወደ 20። ከ20 በታች ፍጥነቱ ይቀዘቅዛል፤ ከ2 እስከ 4 ሳምንት እየጠበቁ 2.5 ሚሊግራም፣ ማለትም ግማሽ ክኒን። በመሐል ቁስሉ ከተመለሰ ሁለት ደረጃ ወደ ኋላ መመለስ ነው እንጂ ከ60 እንደገና መጀመር ሁልጊዜ አያስፈልግም። ታማሚው ቀኑንና መጠኑን በደብተር ይጻፍ፣ በየቀጠሮው ይዞት ይምጣ።

ለምን በድንገት አይቆምም? ፕሬድኒሶሎን ከሦስት ሳምንት በላይ ሲወሰድ ከኩላሊት በላይ ያለው ዕጢ ኮርቲሶል የተባለውን የራሱን ሆርሞን ማምረት ያቆማል። መድኃኒቱ በአንድ ቀን ሲቋረጥ ሰውነት ባዶውን ይቀራል፦ ድካም፣ ማስታወክ፣ የሆድ ሕመም፣ የደም ግፊት መውረድ፣ ራስን መሳት። ፊቴ አበጠ ብሎ፣ ተሻለኝ ብሎ፣ ክኒኑ አልቆ፣ ወይም ጸበል ገብቶ የሚያቆም ሰው ሁሉ እዚህ አደጋ ላይ ይወድቃል። ጸበል የሚጠመቅ ሰው ክኒኑን ይዞ ይሂድ፤ ጠጥቶም ተጠምቆም መዋጥ ይችላል። የተላጠ ቆዳው ግን ብዙ ሰው በሚቆምበት ውኃ ባይነከር ይሻላል። ክኒኑ አንድ ሳምንት ሲቀረው ይገዛ፤ ከነማ መድኃኒት ቤት ከጠፋ ሌላ ቦታ ለመፈለግ ጊዜ ይኖራል። አስታውኮ ክኒኑን መያዝ ያቃተው ሰው በዚያው ቀን ሆስፒታል ሄዶ ሃይድሮኮርቲዞን በመርፌ ይውሰድ።

ጾም ብዙ ጥያቄ ያስነሳል። ክኒኑ ጠዋት ከምግብ ጋር ነው፣ የተላጠ ቆዳም ፕሮቲን ያፈስሳል። ስለዚህ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ሳይበሉ መዋል ለዚህ ታማሚ አይሆንም። ለሕመምተኛ ቤተ ክርስቲያንም ፈቃድ አላት፤ የንስሐ አባትን ማነጋገር ነው። ከፍስክ መራቅ የፈለገ ምስር፣ ሽሮ፣ ባቄላና የሱፍ ፍትፍት በቁርስ ይብላ። በረመዳን ለሕመምተኛ የተሰጠው ፈቃድም ይታወቃል። ጨውና ስኳር ይቀነስ፣ ካልሲየምና ቫይታሚን ዲ ከመጀመሪያው ቀን ይታዘዝ። ለቁስሉ ሕመም ዲክሎፌናክና አይቡፕሮፌን ከፕሬድኒሶሎን ጋር ጨጓራ ያደማሉ፤ ፓራሲታሞል ይበቃል። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል ከ2,300 ሜትር በላይ ናት፣ ፀሐይዋ ብርዱ ቢኖርም ትጠብሳለች፣ ፔምፊገስንም ታባብሳለች፤ ጥላና ረጅም እጅጌ ያስፈልጋል።

የቁስሉ እንክብካቤ ቤት ውስጥ ይሠራል። ትልቁን እብጠት በንጹሕ መርፌ ከሥሩ በአንድ ጎን ወግቶ ፈሳሹን ማስወጣት፣ ሽፋኑን ግን አለመቁረጥ፤ እርሱ ራሱ ምርጥ ፋሻ ነው። ለሚያዥ ቁስል ፖታሲየም ፐርማንጋኔት 1 ለ10,000፦ በ1 ሊትር ለብ ባለ ውኃ 0.1 ግራም። ፍሬው ሙሉ በሙሉ ሟምቶ ውኃው የደበዘዘ ሮዝ መሆን አለበት፤ ጠቆር ካለ ያቃጥላል፣ ያልሟሟ ፍሬ ቆዳ ላይ ካረፈም ይበሳዋል። ከ10 እስከ 15 ደቂቃ፣ በቀን አንድ ወይም ሁለት ጊዜ፣ ከዚያ በቫዝሊን የተነከረ ጋዝ። ደረቅ ጋዝ ከቁስሉ ጋር ተጣብቆ ሲነሳ አዲስ ቆዳ ይዞ ይነሳል። የቫዝሊን ጋዝ ከሌለ ታጥቦ በእንፋሎት የበሰለና የቀዘቀዘ የሙዝ ቅጠል አይጣበቅም፤ በቃጠሎ ሕክምናም ይሠራበታል። ፕላስተር በቀጥታ ቆዳ ላይ አይለጠፍ። ጂቪ አልመክርም፤ ቁስሉን ሐምራዊ ስለሚያደርገው መቅላቱ አይታይም። ሽታ፣ መግል፣ አዲስ ሕመም ወይም ትኩሳት ሲመጣ ኢንፌክሽን ነው። እየሻረ የነበረው ድንገት ከተመለሰና በጣም ካመመ ሄርፒስ ገብቶበት ሊሆን ይችላል፤ ፕሬድኒሶሎን ከመጨመር በፊት ይህ ይታይ።

አፍ ከሁሉ ዘግይቶ ነው የሚድነው። ባለ 5 ሚሊግራም ፕሬድኒሶሎን በ10 ሚሊሊትር ውኃ ሟሙቶ ለአምስት ደቂቃ መያዝና መትፋት፣ ለግማሽ ሰዓትም ምንም አለመብላት ይረዳል። በመፋቂያ ፈንታ ለስላሳ የሕፃን ብሩሽ። ቆሎ፣ ደረቅ ዳቦ፣ ሚጥሚጣ፣ ሎሚና ትኩስ ቡና ይቆዩ፤ አጥሚት፣ ቅቤና በርበሬ ያልበዛበት ገንፎ፣ በአልጫ የራሰ ፍትፍት ይሄዳል። ነጭ ነገር ከታየ አሁን ናይስታቲን ትክክለኛ ቦታው ላይ ነው።

ፔምፊጎይድ ላለባቸው አረጋውያን መጀመሪያ የሚወስዱት መድኃኒት ሁሉ ይታይ። ፉሮሴማይድና እንደ ሲታግሊፕቲንና ቪልዳግሊፕቲን ያሉ የስኳር ክኒኖች በሽታውን ሊቀሰቅሱ ይችላሉ፤ መለወጡ ከያዘው ሐኪም ጋር ይሁን። ሕክምናው ክሎቤታሶል 0.05 በመቶ ቅባት ነው፣ በከባዱ በቀን ከ30 እስከ 40 ግራም፣ ቁስሉ ላይ ብቻ ሳይሆን ከፊት በስተቀር መላ ሰውነት ላይ። የሚቀባው ሰው ጓንት ያድርግ። ያን ያህል ቅባት መግዛት ለማይችል ወይም ለቀለለው ዶክሲሳይክሊን በቀን 200 ሚሊግራም፣ በብዙ ውኃ፣ ተቀምጦ። ፕሬድኒሶሎን ካስፈለገ በኪሎ 0.5 ሚሊግራም ብዙ ጊዜ ይበቃል። በ80 ዓመት ሰው ላይ የፔምፊገስን ዶዝ መጫን ከበሽታው ይልቅ በኢንፌክሽንና በልብ ድካም ይገድላል።

ሕክምናው መቼ ያበቃል ለሚለው፦ ፕሬድኒሶሎን በቀን 10 ሚሊግራም ወይም ከዚያ በታች እየተወሰደ ሁለት ወር ሙሉ አዲስ ቁስል ካልወጣ በሽታው በአነስተኛ መድኃኒት ተይዟል ይባላል። ከዚያ ወደ ዜሮ የሚወርደው በወራት ነው፣ ሁለተኛው መድኃኒትም ከፕሬድኒሶሎኑ በኋላ ይቀነሳል። ኤሊዛው ከተገኘ ከመቆሙ በፊት ይሠራ፤ የዴስሞግሌን አንቲቦዲ ገና ከፍ ያለ ከሆነ ቆዳው ቢያምርም ማቆሙ ይዘግይ። መድኃኒቱ ከቆመ በኋላ በመጀመሪያው ዓመት በየሦስት ወሩ መታየት፣ በመሐል ግን ድድ ላይ አንዲት ልጣጭ ከታየች ቀጠሮ ሳይጠብቁ መምጣት ነው።